ውሃ ሳይጠፋ ቅዱ፦ የፕሮጀክት ዞምቦይድ የውሃ አያያዝ

(ስክሪን፦ ገጸ ባህሪው ወጥ ቤት ውስጥ ቆሟል። የሲንኩ ቧንቧ ይፈሳል። ከመስኮቱ ውጭ ሁለት ዞምቢዎች ያልፋሉ።)

ፕሮጀክት ዞምቦይድ የጀመረ ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚሯሯጠው ለመሣሪያ ነው። መጥረቢያ፣ ሽጉጥ፣ ካልተገኘ መጥበሻ። አዳማ ያደገ ሰው ግን እዚህ ጌም ላይ ብልጫ አለው፤ የሚፈስ ቧንቧ አይቶ ዝም ብሎ አያልፍም። «ውሃ መጣ!» ሲባል ጀሪካን ደርድሮ መቅዳት የለመደ ሰው፣ ጌሙ ውስጥ ያንኑ ካደረገ የመጀመሪያውን ወር ያለ ጥም ይሻገራል።

ለማታውቁት ባጭሩ፦ ዞምቢ በሞላበት ዓለም በሕይወት የመቆየት የኮምፒውተር ጌም ነው፤ የሠራው ዘ ኢንዲ ስቶን የተባለ ድርጅት ነው። ስቲም በተባለው የጌም መሸጫ ላይ የወጣው በፈረንጆቹ 2013 ሲሆን ዛሬም እየተሠራ ነው። ታሪኩ የሚካሄደው አሜሪካ፣ ኬንታኪ ውስጥ ኖክስ ካንትሪ በተባለ የፈጠራ አካባቢ ነው። ቅንብሩን ካልነካችሁት የምትጀምሩት ጁላይ 9 ቀን 1993 ነው፤ በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 2 ቀን 1985 ዓ.ም.። ሐምሌ ነው ብላችሁ ግን ክረምታችንን እንዳትጠብቁ። እዚያ ወሩ የሙቀት ወር ነው፤ ዝናቡ ሲፈልግ ይመጣል፣ ሲፈልግ ይቀራል።

አሁን ወደ ቧንቧው። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ሲንኩም፣ ባኞውም ያለ ገደብ ይፈሳሉ። ከዚያ ይቋረጣል። በመደበኛው ቅንብር የሚቋረጥበት ቀን ከ0 እስከ 30 ባለው ጊዜ ውስጥ በዕጣ ይወጣል። ፈረቃ የለ፣ ማስታወቂያ የለ። መብራቱም የራሱ ዕጣ አለው፤ ከውሃው ቀድሞ ሊጠፋ ይችላል፣ ተከትሎም ሊጠፋ ይችላል።

ስለዚህ ቤት ገብታችሁ በሩን እንደዘጋችሁ ሥራው መቅዳት ነው። ድስት፣ ማንቆርቆሪያ፣ ባልዲ፣ የለስላሳ ፕላስቲክ፣ የቢራና የወይን ባዶ ጠርሙስ፣ ሁሉም ውሃ ይይዛል።

(ስክሪን፦ የሲንክ ሥር ካቢኔ ይከፈታል። የበረኪና ጠርሙስ ጎልቶ ይታያል።)

ይቺን ጠርሙስ ልብ በሉልኝ። ብዙ ሰው ትቷት ይሄዳል። በረኪናውን ገጸ ባህሪው ከጠጣው ይሞታል፤ ጌሙ በዚህ አይቀልድም። ራይት ክሊክ አድርጋችሁ ከደፋችሁት ግን ባዶዋ ጠርሙስ እንደማንኛውም የውሃ ዕቃ ታገለግላለች፤ እጠቡልኝም አትልም። ቤታችሁ እንዳትሞክሩት። ጌሙ ውስጥ ግን በየቤቱ መታጠቢያና ወጥ ቤት ስለምትገኝ የነጻ ጀሪካን በሏት።

አንድ የማይነገር ነገር አለ። ውሃው ከተቋረጠም በኋላ በየቤቱ ያለው ሲንክ፣ ባኞ፣ የሽንት ቤት መቀመጫ ሳይቀር የተወሰነ ውሃ እንደያዘ ይቀራል። ያልገባችሁበት ቤት ሁሉ ውሃ አለው ማለት ነው። እኔ በዚህ ምክንያት የሰፈሬን ባኞዎች በመጀመሪያው ሳምንት አልነካቸውም፤ የራሴ ቧንቧ እየፈሰሰ የጎረቤት ባኞ ማድረቅ ምን ያደርጋል? ቧንቧው ሲደርቅ ከሩቁ ቤት ጀምሬ ወደ ቤቴ እየቀረብኩ እቀዳለሁ። ቅርቡ ለቆሰልኩበት ቀን ይቆይልኝ።

ሸክሙንም አስቡበት። የተሞላ ዕቃ ይከብዳል፤ ከአቅም በላይ የተሸከመ ሰው ደግሞ ከዞምቢ አይሮጥም። አንድ ጠርሙስ ይዛችሁ ውጡ፣ ሌላው ቤት ይቀመጥ። ጠርሙሱ በእጃችሁ ካለ ገጸ ባህሪው ሲጠማው ራሱ ይጎነጫል፤ በየደቂቃው ማጠጣት አይጠበቅባችሁም።

(ስክሪን፦ ሐይቅ ዳር። ገጸ ባህሪው ባልዲ ይሞላል። ዕቃው ላይ «የተበከለ ውሃ» የሚል ጽሑፍ ይታያል።)

የወንዝ፣ የሐይቅና ደጅ በተቀመጠ ዕቃ የተጠራቀመ የዝናብ ውሃ የተበከለ ነው። ከጠጣችሁት ትታመማላችሁ፤ ደጋግማችሁ ከጠጣችሁት ትሞታላችሁ። መፍትሔው ማፍላት ነው። ድስት ወይም ማንቆርቆሪያ ሙሉ፣ እሳት ላይ ጣዱ፣ ሲፈላ «የተበከለ» የሚለው ጽሑፍ ይጠፋል፣ ከዚያ ወደ ጠርሙስ ገልብጡ። በፕላስቲክ ጠርሙስ ማፍላት አይሞከርም።

ችግሩ ወጥ ቤት ያለው ምድጃ በኤሌክትሪክ የሚሠራ መሆኑ ነው። መብራት ከሄደ ጄኔሬተር ከሌላችሁ በቀር ዋጋ የለውም። ካምፕ ፋየር፣ የባርቤኪው ምድጃ ወይም በእንጨት የሚነድ አሮጌ ምድጃ ፈልጉ። መብራት ሲጠፋ የከሰል ምድጃ ለሚያወጣ ሰው ይሄ ማብራሪያ አያሻውም።

እዚህ ላይ ጌሙን ልተቸው። በጌሙ ዓለም ውሃ ሁለት ዓይነት ነው፤ ንጹሕና የተበከለ። የተበከለው ከፈላ ንጹሕ ሆነ፣ አለቀ። ስምጥ ሸለቆ ውስጥ ለምንኖር ሰዎች ይሄ ግማሽ እውነት ነው። ለጀርም ልክ ነው፤ አዳማ ከፍታዋ 1,600 ሜትር ገደማ ስለሆነ ውሃ 95 ዲግሪ አካባቢ ላይ ቢፈላም ጀርሙን ለመግደል ይበቃል። ነገር ግን ከእኛ ጥቂት ራቅ ብሎ ወንጂ አካባቢ የከርሰ ምድር ውሃው ፍሎራይድ ይበዛበታል። ከእሳተ ገሞራ ድንጋይ እየሟሟ የሚገባ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ያስቀመጠው ጣሪያ በሊትር 1.5 ሚሊግራም ሲሆን፣ የስምጥ ሸለቆ ጉድጓዶች ብዙዎቹ ከዚያ ያልፋሉ። ከልጅነት ጀምሮ ከተጠጣ ጥርስ ያበልዛል፤ ለዓመታት በብዛት ከተጠጣ አጥንትና መገጣጠሚያ ይጎዳል።

ይህን ውሃ አፍሉት። ፍሎራይዱ ንክች አይልም። እንዲያውም ውሃው እየተነነ ስለሚያንስ በቀረው ውስጥ መጠኑ ከፍ ይላል። ውሃ አጋር ጨምሩበት፤ ክሎሪን ስለሆነ የሚገድለው ጀርም ነው። ፍሎራይድ የሚቀንሰው በሌላ መንገድ ነው፦ አሉሚኒየም ሰልፌትና ኖራ ጨምሮ አማስሎ ማዝቀጥ፣ ወይም በተቃጠለ የአጥንት ከሰል ማጣራት። ካልሆነም ምንጩን መቀየር፤ የአዳማ የቧንቧ ውሃም ከአዋሽ ወንዝ ተስቦ ተጣርቶ የሚመጣ ነው። ጌም ሠሪዎቹ «የማይፈላ ብክለት» የሚል አንድ ነገር ቢጨምሩ እኔ በበኩሌ ደስ ይለኛል፤ ኬንታኪያውያኑ ባይገባቸውም።

ሌላው አማራጭ ዝናብ ነው። ፍሎራይድ የለበትም፤ ጌሙ ውስጥም የዘላቂ ኑሮ መሠረት እሱ ነው።

(ስክሪን፦ ጣራ ላይ የተደረደሩ በርሜሎች። ዝናብ ይጥላል።)

የዝናብ በርሜል ለመሥራት የገጸ ባህሪው የአናጺነት ችሎታ ደረጃ 4 ላይ መድረስ አለበት። 4 ጣውላ፣ 4 ሚስማር፣ 4 የቆሻሻ ላስቲክ ይፈልጋል። ጣውላና ሚስማር የትም አለ፤ ሰው የሚቸገረው በላስቲኩ ነው፣ ስለዚህ ካገኛችሁ አትለፉት። አናጺነቱን ቶሎ ለማሳደግ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ቴሌቪዥን ክፈቱ፤ «ላይፍ ኤንድ ሊቪንግ» የሚባለው ጣቢያ የእንጨት ሥራ ያስተምራል፣ ያየ ሰው ልምድ ያገኛል። ቀሪውን የቤት ዕቃ እየፈታታችሁ ሙሉት። በርሜሉ ሰማይ ማየት አለበት፤ ከጣሪያ ሥር ያስቀመጣችሁት ጠብታ አይዝም።

አሁን ደግሞ የምወደው ክፍል። በርሜሉን ከሲንኩ በላይ ባለው ፎቅ ወይም ጣራ ላይ፣ በሲንኩ አናት ትይዩ ወይም ጎኑ ባለው ካሬ ላይ አስቀምጡ። ከዚያ የቧንቧ መፍቻ ይዛችሁ፣ ማለትም ፓይፕ ሬንች፣ ሲንኩ ላይ ራይት ክሊክ አድርጉና አገናኙት። ግቢው ውስጥ ሮቶ ከፍ ባለ ማማ ላይ የተሰቀለለት ሰው ምክንያቱን ያውቀዋል። ቢልድ 41 በሚባለው የጌሙ ስሪት ላይ በዚህ መንገድ ከሲንኩ የሚወርደው ውሃ ንጹሕ ነው፤ ሳይፈላ ይጠጣል። ማጣሪያ የለው፣ መድኃኒት የለው፤ ባክቴሪያው መፍቻውን አይቶ የሸሸ ይመስላል። አትጠይቁ፣ ጠጡ።

ድርቅ ሲረዝም የምትጎዱት በአጠቃቀም ነው። ደም የነካው ልብስ ማጠብ ውሃ ይበላል፤ ፋሻ ማጠብም እንዲሁ። አትክልት ደግሞ የተበከለ ውሃ አይጎዳውም፤ የፈላውን ጎመን ላይ የሚያፈስ ተጫዋች አይቼ አዝኛለሁ። ለመታጠብ ወንዝ ውረዱ፣ ለአትክልቱ ደጅ ያለውን ባልዲ ተጠቀሙ። ገጸ ባህሪ ስትፈጥሩም ነጥብ አገኛለሁ ብላችሁ ቶሎ የሚጠማውን ባሕርይ የመረጣችሁ ካላችሁ በርሜሉን ከአሁኑ ጨምሩ።

በዲሴምበር 2024 ለሙከራ የወጣው ቢልድ 42 የፈሳሽ አሠራሩን ቀይሮታል፤ አሁን ፈሳሾች አንድ ዕቃ ውስጥ ይቀላቀላሉ። እሱን የምትጫወቱ ከሆነ የሐይቁን ባልዲና የመጠጡን ጠርሙስ ከመጀመሪያው ቀን ለዩ፤ የሚጠጣው ቦርሳ ውስጥ፣ ሌላው ሁሉ ደጅ።