መጀመሪያ እናንተ እዩት

እንደምን አመሻችሁ? አሰላሙ አለይኩም። አባቶቼ፣ እናቶቼ፣ የቅሬ እድር ሽማግሌዎች፣ ልጆች፣ እንኳን መጣችሁ።

ፊልሙ ሊጀመር ነው፤ ብዙ አላቆያችሁም። ግን በሆዴ የያዝኩትን ሳልናገር መክፈት አልቻልኩም።

ጥቅምት 1977 ዓ.ም. ላይ ኬንያዊው ካሜራማን መሐመድ አሚን ኮረም ላይ የቀረጸውን ዓለም ሁሉ አየ። ኮረም ያኔ ወሎ ክፍለ ሀገር ውስጥ ነበረች። ከዚያ ቀደም ብሎም በ1966 ዓ.ም. የወሎ ረሃብ በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታይቷል። እነዚያ ምስሎች እህል አስልከዋል፣ ነፍስ አትርፈዋል። ይህን ማንም አይክድም። ግን እዚያ የምናያት እናት ስሟ ማን ነበር? ጓሮዋ ምን ይበቅል ነበር? ልጆቿን በምን ዘፈን ታስተኛ ነበር? አልተጠየቀችም። እኔም አዲስ አበባ ስማር "የወሎ ልጅ ነኝ" ስል ከንፈር የሚመጥጡልኝ ነበሩ። ያ ከንፈር መጠጣ እስከ ዛሬ ያመኛል።

ካሜራዬን ይዤ እዚህ አርድቦ ሐይቅ ዳር የመጣሁት ለዚህ ነው።

የመጀመሪያውን ሳምንት ከቦርሳው አላወጣሁትም። ቡናችሁን ጠጣሁ። አቦሉን፣ ቶናውን፣ በረካውን። ወዳጃ በምትሉት የጸሎት ስብስብ ላይ ጥግ ይዤ ዱዓችሁን ሰማሁ። ስሜን ከነአባቴ ካወቃችሁ በኋላ ነው ቀረጻ የጀመርኩት።

መጀመሪያ ያነሳሁት ውኃውን ነበር። ጎህ ሲቀድ፣ ጉም ሲነሳ፣ ወፎቹ ሲወርዱ። በጣም ያምራል፤ የማያምርበት ሰዓትም የለው። አንድ ቀን አንድ አባት ከኋላዬ ቆመው ቆዩና "ልጄ፣ ሐይቁን ስታይ ጀርባህን ለማሳችን ሰጠህ" አሉኝ። ክው አልኩ። ካሜራውን አዞርኩት። እውነቱን ለመናገር ፊልሙ የተጀመረው ያን ቀን ነው። ከዚያ በኋላ የካቲትን ሙሉ አብረን ሰማይ ሰማይ ስናይ ከረምን፤ በልጉ ዘግይቶ ነበር። ዝናብ የሚጠብቅ ገበሬ ዝምታ ምን ያህል እንደሚከብድ ከተማ ቁጭ ብዬ አውቀው አልነበረም። ያን ዝምታ ኤዲቲንግ ላይ አላሳጠርኩትም። ይረዝምባችሁ ይሆናል፤ እንዲረዝም ነው የተውኩት።

ሙዚቃም አልጨመርኩበትም። ባቲና አምባሰል የሚባሉ ቅኝቶች ባሉት አገር ክራር የሌለበት ፊልም ምን ይባላል ትሉኝ ይሆናል። ግን የእናንተን ድምፅ ምንም እንዲሸፍነው አልፈለግሁም። ውኃው ከአርድቦ ወርዶ ወደ ታችኛው ሐይቅ ሲገባ ያለውን ድምፅ ስሙልኝ።

ይህ ፊልም እስካሁን የትም አልታየም። ደሴም፣ አዲስ አበባም አልሄደም። ካያችሁት በኋላ "ይህ ይቅርብን" የምትሉት ካለ ዛሬውኑ ንገሩኝ፣ ይወጣል። አንድ ቅጂ በፍላሽ ለቅሬው ሰጥቻለሁ።

ልጆች፣ ወደ ፊት ጠጋ በሉ፤ እናቶች እንዲያዩ መሬት ላይ ተቀመጡ። መብራቱን አጥፉልን።