ሊመጣ ነው… አሉ

ሰላም ወዳጆቼ፣ እንዴት ሰነበታችሁ? ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። በሆዴ ይዤው የቆየሁት ነገር አለ። እሱን ላውራችሁ።

ነገሩ ስለ ጌም ነው። ጌም የማትጫወቱም ብትሆኑ አትሂዱብኝ፤ ስለ አንዲት ቃልም ጭምር ነው። «አሉ» የምትለዋን ቃል። ወሬ ነግረን ስንጨርስ መጨረሻ ላይ ጣል እናደርጋታለን። «ሊያገባ ነው አሉ።» «ቤቱን ሸጠው አሉ።» በቃ፣ ሰምቼ ነው እንጂ አይቼ አይደለም ማለታችን ነው። አንዲት ትንሽ ቃል ናት። እኔ አንዴ ዘልያት ሰው ጎድቻለሁ።

ከሩቅ ልጀምር። ባደግሁበት ሰፈር አንድ ጌም ቤት ነበር። የቆርቆሮ በር፣ ሁለት ቴሌቪዥን፣ አንድ አግዳሚ ወንበር። ፕሌይስቴሽን 2 ነው ያለው። አብዛኛው ልጅ ኳስ ነው የሚጫወተው። እኔና ታናሽ ወንድሜ ግን የሬስሊንግ ሰዎች ነበርን። በፈረንጆቹ 2003 የወጣውን «ሂር ካምስ ዘ ፔይን» የሚባል የሬስሊንግ ጌም እስኪበቃን ተጫውተነዋል፤ ማለቴ አልበቃንም። እዚያ ጌም ላይ የራስህን ተፋላሚ መሥራት ይቻላል። ወንድሜ የሰፈራችንን ሥጋ ቤት ሰውዬ ሠራው። ሪዙ፣ ሆዱ፣ ነጭ ልብሱ፣ ቁርጥ እሱን። ሜሞሪ ካርዱ ደግሞ 8 ሜጋባይት ብቻ ነው የሚይዘው፤ ሲሞላ የአንዱ ሴቭ ለሌላው ሲባል ይጠፋል። ወንድሜ ፕላስተር ቆርጦ ካርዱ ላይ ለጠፈና በእስክሪብቶ «አይጠፋም» ብሎ ጻፈበት። ያ ሰውዬ ከታዋቂው ተፋላሚ ከአንደርቴከር ጋር ሲደባደብ ሁለት ዓመት ኖረ።

ጌሙን የሚሠራው ዩክስ የሚባል የጃፓን ኩባንያ ነበር። ከ2000 ጀምሮ በየዓመቱ አዲስ ይወጣል። ማንም «ዘንድሮም ይመጣል» ብሎ አይነግርህም። አደይ አበባን ማን ያውጃል? መስከረም ሲጠባ ታየዋለህ። እንደዚያ ነበር።

በኋላ ጌሙ ቱኬ (2ኬ) ወደሚባለው የአሜሪካ ኩባንያ ሄደ። በ2019 ዩክስ ከሥራው ወጣ፣ የካሊፎርኒያው ቪዥዋል ኮንሰፕትስ ብቻውን ተረከበ። በዚያው ዓመት ኦክቶበር ላይ 2ኬ20 የተባለው የሬስሊንግ ጌም ወጣ። ውጤቱን የሚያስታውስ ያስታውሳል። ፊታቸው የተዛባ ተፋላሚዎች፣ በራሱ የሚቆም ፀጉር፣ በሪንጉ ወለል ውስጥ የሚሰምጥ ሰው። ተጫዋቾች ጌሙ ይስተካከል ብለው በማኅበራዊ ሚዲያ ዘመቻ ከፈቱ።

ከዚያ ጃንዋሪ 1፣ 2020 መጣ። በዚያ ቀን ጌሙ ጨርሶ አልከፈት አለ። ዓመቱ ከ2019 ወደ 2020 በመዞሩ ብቻ። መፍትሔውን ያገኙት ተጫዋቾች ራሳቸው ናቸው፤ የማሽኑን ቀን ወደ 2019 መልሰው ገቡ። ለእኛ ዕለቱ ታኅሣሥ 22 ነበር፣ ተራ ረቡዕ። ይህን ሳነብ የመጣብኝ ማሾፍ አልነበረም። የሠሩት ሰዎች ታዩኝ። ጊዜ ያጠረው ሥራ እንዲህ ነው፤ የቀን መቁጠሪያውን እንኳ ዞር ብሎ የሚያይለት አያገኝም።

አሁን ወደ ወሬው እንምጣ። ሚያዝያ 2012፣ የፋሲካ ሰሞን ነው። ኮሮና ገብቷል። የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ወጥቷል። ሁላችንም ቤት ነን። አሜሪካ ትልቁን የሬስሊንግ ዝግጅት፣ ሬስልማኒያን እንኳ ተመልካች በሌለበት አዳራሽ አካሂደውታል። ማታ ወንድሜ ስልኩን ይዞ ወደ ክፍሌ መጣ።

«ተሰርዟል አሉ» አለኝ።

«ምኑ?»

«የዘንድሮው ሬስሊንግ። 2ኬ21።»

«እንዴ፣ መቼ ይፋ ሆኖ?»

ትንሽ አሰበ። «ይፋ አልሆነም» አለ። «ግን ሊመጣ ነበር።»

ይህችን መልስ እስከ ዛሬ አልረሳኋትም። ይፋ ያልሆነ ነገር እንዴት ይሰረዛል? ለኩባንያው ስም የለውም፣ ፎቶ የለውም፣ ቀን የለውም። ለወንድሜ ግን ነበረ። ከልጅነቱ ጀምሮ በየዓመቱ የመጣለት ነገር ነው። ቃል አልገቡለትም፣ ግን አስለመዱት። መልመድም ቃል ነው፣ ለሚጠብቅ ሰው።

ወሬውን ያወጡት ውስጥ አዋቂ ነን የሚሉ ሰዎች ነበሩ። ኩባንያው ዝም አለ። እኔም ለወንድሜ «ወሬ ነው፣ ተወው» አልኩት።

እውነቱ የወጣበት መንገድ ነው ያሳዘነኝ። ኤፕሪል 23 ሬስሊንጉን የሚያዘጋጀው ኩባንያ፣ የደብሊው ደብሊው ኢ ኃላፊዎች ከባለሀብቶቻቸው ጋር የስልክ ስብሰባ ነበራቸው። የሩብ ዓመት ሒሳብ የሚነገርበት። እዚያ ላይ ተጠየቀና የፋይናንስ ጊዜያዊ ኃላፊው ዘንድሮ ጌም እንደማይወጣ ተናገረ። በቃ። ቱኬ በራሱ አፍ 2ኬ21 እንደማይኖር ያረጋገጠው ከአራት ቀን በኋላ፣ ኤፕሪል 27 ነው። ገንዘቡን ያስቀመጠው ቀድሞ ሰማ፣ ልቡን ያስቀመጠው በኋላ። ወንድሜ ከእነዚያ ሁሉ በፊት ሰምቶ ነበር፣ ግን በ«አሉ»።

ስለ ውሳኔው ያኔ ተናድጄ ነበር። ዛሬ ግን ልክ ነበሩ እላለሁ። በየዓመቱ ካላወጣን ብሎ መሮጥ ነው 2ኬ20ን ያን ያስመሰለው። ቆሙ፣ ለሠሪዎቹ ጊዜ ሰጧቸው። 2ኬ22 ማርች 2022 ላይ፣ ሁለት ዓመት ከምናምን ቆይቶ፣ ሬይ ሚስቴሪዮን ሽፋኑ ላይ አድርጎ ሲወጣ ልዩነቱ ይታይ ነበር። እኔን የሚከነክነኝ መሰረዙ አይደለም፤ ዝምታው ነው። «ዘንድሮ አንችልም፣ ጊዜ ስጡን» ማለት ምን ይከብዳል? ሰው እኮ ይገባዋል። ዝም ስትለው ነው ወሬ የሚጎርሰው።

እሺ። ሁለተኛው ጌም የኔ ጥፋት ያለበት ነው።

ፊፋ የሚለው ስምና የኳስ ጌሙን የሚሠራው ኢኤ ስፖርትስ ከ1993 ጀምሮ አብረው እንደኖሩ ታውቃላችሁ። በሜይ 2022 ሊለያዩ መሆኑ ይፋ ሆነ። ፊፋ 23 የመጨረሻው ሆነ፣ ቀጥሎ ያለው ኤፍሲ 24 ተባለ። ዛሬም ግን ጌም ቤት ገብታችሁ «ኤፍሲ ክፈትልኝ» የሚል ልጅ አትሰሙም፤ ፊፋ ነው የሚለው። የፊፋው ፕሬዚዳንት ጂያኒ ኢንፋንቲኖ ያኔ የፊፋን ስም የያዘ ጌም እንደሚቀጥል፣ ምርጡም እሱ እንደሚሆን ተናግሮ ነበር። ማን እንደሚሠራው ግን አልተናገረም። ያች ክፍት ቦታ ናት ወሬውን የወለደችው።

በ2024 መጀመሪያ አካባቢ ወሬው ጦፈ። ቱኬ ሊሠራው ነው፣ ስሙም ፊፋ 2ኬ25 ነው ተባለ። እኔ አመንኩ። ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ። ኤንቢኤ 2ኬ የሚባለውን የቅርጫት ኳስ ጌም የሠሩ ሰዎች የእግር ኳስ ቢሠሩ ብዬ አስቤ ስለማውቅ ነው። ወሬው የመጣው ምኞቴ በተቀመጠበት ወንበር ላይ ነው። ሰው የሚመኘውን ሲሰማ ምንጩን አይጠይቅም።

ጁን ላይ ቱኬ አዳዲስ ጌሞች በሚታዩበት በሎስ አንጀለሱ ሰመር ጌም ፌስት አንድ ትልቅ ነገር ሊያሳይ እንደሆነ አስታወቀ። በቃ እሱ ነው አልን። ሰዓቱ ሳይደርስ ስሙ ከራሱ ከቱኬ ገጽ ሾልኮ ወጣ፤ ሲቪላይዜሽን 7 ነው፣ ከኳስ ጋር የማይገናኝ ጌም። ያኔ መንቃት ነበረብኝ። እኔ ግን «ዛሬ ካልሆነ ነገ ነው» ብዬ ቀጠልኩ።

በዚያው ሰሞን፣ ሰኔ 2016፣ አሁን የምኖርበት ሰፈር ጌም ቤት ያለው ወዳጄ ጠራኝ። ያጠራቀማት ብር አለችው። አንድ ተጨማሪ ፕሌይስቴሽን 4 ከኤፍሲ 24 ሲዲ ጋር ሊገዛ ነው፤ ሰው አግኝቷል፣ ዋጋ ተነጋግሯል። «አንተ ስለዚህ ነገር ታወራለህ፣ ልግዛ?» አለኝ። ቡና ይዘን በሩ ላይ ቆመናል። ውስጥ ልጆች ተራ ይጠብቃሉ፣ ተሸናፊው ጆይስቲኩን አልለቅም ብሎ ይጨቃጨቃል።

«ቆይ» አልኩት። «ፊፋ በቱኬ ሊመጣ ነው። አሁን ከገዛህ ገንዘብህ ይባክናል።»

ሊመጣ ነው። «አሉ» የለችም። ዋጥኳት። ማወቄን ማሳየት ፈልጌ ነበር መሰለኝ። መሰለኝ ሳይሆን፣ ነበር።

ቆየ። ሐምሌ 22 ብር በገበያ እንዲወሰን ተደረገ። 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100 አለፈ። ያች ያጠራቀማት ብር ማሽኑንም ሲዲውንም ልትገዛ የነበረች፣ አሁን ማሽኑንም አትሞላም። ልጆቹ ደግሞ ይጠይቃሉ። «አዲሱ አለ?» ከሌለ ሁለት መንገድ አለፍ ብለው ሌላ ቤት ይገባሉ። አግዳሚው ሲሳሳ በዓይኔ አይቻለሁ።

መስከረም ላይ በምንጫወትበት የቴሌግራም ግሩፕ አንድ መልእክት መጣ። «የቱኬው ፊፋ ተሰርዟል።» እዚህ ጋ የተሰማኝን ልንገራችሁ፣ ዛሬ ማይክ ፊት የተቀመጥኩትም ለዚህ ነው። ደስ አለኝ። እፎይ አልኩ። ለምን? «ተሰረዘ» ከተባለ ነበረ ማለት ነዋ! እኔም አልዋሸሁም ማለት ነው። ያወቅኩት ነገር እውነት ነበር፣ በመሃል ሰረዙት እንጂ።

ይሄ ነው የያዘኝ። «ሊመጣ ነው» የሚለው ወሬ የሚፈተንበት ቀን አለው፤ ቀኑ ደርሶ ካልመጣ ይጋለጣል። «ተሰረዘ» የሚለው ወሬ ግን ፈተናው ሳይደርስ መጥቶ ያወጣዋል። ሁለተኛው ወሬ ለመጀመሪያው ዋስ ይቆምለታል፤ ለዋሱ ግን ዋስ የለውም። ቱኬ እንዲህ ያለ ጌም እሠራለሁ ብሎ አያውቅም፤ ያላለውን ተውኩት ሊል አይችልም። በዚያው ኦክቶበር ፊፋ ለኢስፖርት ውድድሩ ከኮናሚ ጋር መሥራቱን አስታወቀ። ኮናሚ ማለት የፊፋን ተፎካካሪ የኳስ ጌም፣ ፔስን የሠራው ነው። ፊፋ ወይስ ፔስ ተብሎ ስንት ጓደኛ ተኳርፎበት ሲያበቃ።

የወንድሜም ወሬ «ተሰርዟል» ነበር፣ የኔም። የሱ እውነት ሆነ። ግን እሱ እውነት ሲሆንም «አሉ» ብሎ ነበር የነገረኝ። እኔ ሳላውቅ «አሉ»ን ዋጥኩ። ልዩነታችን ማን ልክ ወጣ አይደለም።

ወዳጄ ጋ ሄጄ ነገርኩት። አላውቅም ነበር፣ እንደማውቅ አድርጌ ነገርኩህ፣ ይቅር በለኝ አልኩት። ቴሌቪዥኑን እየወለወለ ነበር። «አንተ ምን ታደርግ፣ ሰምተህ ነው የነገርከኝ» አለ። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። እኔ የተውኳትን «አሉ» እሱ አንስቶ መለሰልኝ።

በዲሴምበር 2025 ደግሞ ኔትፍሊክስ፣ ዴልፊ ኢንተራክቲቭ የሚባል ኩባንያ የሚሠራው አዲስ የፊፋ ጌም ለ2026ቱ የዓለም ዋንጫ እንደሚወጣ አስታወቀ። ይሄኛው ይፋ የሆነ ነው። ባለቤቶቹ በስማቸው የተናገሩት። ዜናው እንደወጣ ከወዳጄ መልእክት ደረሰኝ። «ይሄስ?» ይላል።

ኔትፍሊክስ የተናገረውን ጻፍኩለት፣ የተናገረበትን ቀን ጻፍኩለት፣ የቀረውን «አሉ ነው» ብዬ ለየሁለት።

«እሺ» ብሎ መለሰ። «ታዲያ ልግዛ ወይስ ልቆይ?»

እስካሁን አልመለስኩለትም። ቅዳሜ ሄጄ ሒሳቡን አብረን እንሠራለን ብለናል። ምን እንደወሰነ፣ እሱ ከፈቀደ፣ በሚቀጥለው እነግራችኋለሁ። ደኅና ሁኑ።