የዛሬውን መብራት ያጠፋሁት እኔ ነኝ

በየቀረጻው መሃል መብራት ሲጠፋብኝ መሳቅ ለምዳችኋል። የዛሬውን ጨለማ ግን ያመጣሁት ራሴ ነኝ፤ ብሬከሩን ያወረድኩት ትናንት ከሰዓት ነው፤ መልሼ ለማንሳት እጄ እምቢ ብሎኛል። የስልኬ ባትሪ እስከፈቀደ ድረስ እናገራለሁ።

እንጀራ የሚጋግሩትን ጎረቤታችንን፣ «የእንጀራ እናታችን» የምላቸውን፣ ታውቋቸዋላችሁ። ቤታቸው ካርታ ስለሌለው ቆጣሪ ማውጣት አልቻሉም፤ እኔም አምና አንድ የሰፈር ልጅ ጠርቼ ያለ ፈቃድ ከቆጣሪዬ መስመር አስቀጠልኩላቸው። በጋራ የቆርቆሮ አጥራችን ላይ የተሳበው ሽቦ ቀጭን ነው። 3,500 ዋት የሚፈልግ ምጣድ በ220 ቮልት ወደ 16 አምፔር ስለሚስብ፣ በየማለዳው ሲግል የከረመው ሽቦ ልባሱ ቀልጦ ቆርቆሮውን መንካቱ አይቀሬ ነበር።

ትናንት፣ የጅማ ዝናብ አባርቶ ጭቃው ገና ሳይጠጥር፣ የፊት ለፊት ጎረቤታችን ልጅ ለበዓል የተገዛውን በግ እየጎተተች በአጥሩ ሥር አለፈች። 9 ዓመት ቢሆናት ነው። አንድ እግር ኮንጎ ጫማዋ ጭቃው ውስጥ ሲቀርባት ገመዱን ለቃ ጎንበስ አለች፤ በዚያው ቅጽበት በጉ በአፍንጫው ቆርቆሮውን ነካና አራት እግሩን ገትሮ ወደቀ። እሷ ገና አላየችውም። ጭቃውን ለማራገፍ ጫማዋን ከአጥሩ ጋር ልታጋጭ እጇን አነሳች፤ እኔም በመስኮት ጮህኩ። ጫማው ፕላስቲክ ስለሆነ ምናልባት ምንም ባልሆነች ነበር፤ ነገር ግን ከነጣቶቿ እርጥብ ነበር። ከትናንት ጀምሮ ያች የተነሳች እጅ ከዓይኔ አልጠፋችም።

ብሬከሩ ያን ጊዜ በራሱ አልወረደም፤ ከ20 አምፔር በላይ ካላለፈ ምንም አይመስለውም፤ የሰውን ልብ ለማቆም ግን የአንድ አምፔር አንድ አሥረኛ እንኳ ሊበቃ ይችላል። አባትዬው መጥቶ በጉን ገለባበጠና «እባብ ነው» አለ። እኔ ዝም አልኩ። ለበጉ መግዣ ጥቂት ብር ሳዋጣ «አላህ ይስጥህ» ብሎ መረቀኝ።

ሌሊቱን በ1996 ዓ.ም. የወጣውን የወንጀል ሕግ ሳገላብጥ አደርኩ። በነገራችን ላይ ከእኛ ብዙም ሳይርቅ 184 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው የጊልጌል ጊቤ አንድ ግድብም ሥራ የጀመረው በዚያው ዓመት ነው፤ ያ ሁሉ ኃይል ከደጃችን እየመነጨ የእንጀራ እናታችን… ይቅር፣ ይህ ሰበብ ፍለጋ ነው። አንቀጽ 543 በቸልተኝነት ሰው የገደለ ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም በገንዘብ ይቀጣል ይላል፤ ደንብን ሆነ ብሎ ከጣሰ ደግሞ ከ5 እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ይጠብቀዋል። ቢያንስ ቸልተኛ ነኝ ብዬ ልጽናና ስል አንቀጽ 58 ላይ ደረስኩ፤ ውጤቱ ሊደርስ እንደሚችል እያወቀ የመጣው ይምጣ ያለን ሰው፣ ሕጉ አስቦ እንዳደረገው ይቆጥረዋል። ያን ጊዜ ነገሩ ወደ አንቀጽ 540 ይሻገራል፤ ቅጣቱም ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት ነው።

ያልነገርኳችሁ ነገር ቢኖር፣ ከሁለት ሳምንት በፊት ልብስ ሳሰጣ አጥሩ ነዝሮኝ ነበር። እጄን ሱሪዬ ላይ ጠርጌ ገባሁ። ያን ጊዜ ምን እንዳሰብኩ ዐቃቤ ሕግ ቢጠይቀኝ ምን እመልስ ነበር? ምናልባት ምንም አላሰብኩም፤ ምናልባትም ምጣዱ እንዳይቋረጥ አስቤ ይሆናል። መስመሩን የሳበው ልጅስ ተጠያቂ አይሆንም? የእንጀራ እናታችንስ? እሳቸውን መጨመር ስጀምር አፍሬ መጽሐፉን ዘጋሁት።

ቅድም አንኳኩተው «ልጄ፣ መብራቱ መቼ ነው የሚመጣው? ሊጡ ሊያልፍብኝ ነው» አሉኝ። «ጠፍቷል» አልኳቸው። ዞር ብለው ፊት ለፊት ያለውን፣ የበጉን ባለቤት ቤት አዩ፤ በረንዳው ላይ አምፖሉ በርቷል። ከዚያ እኔን አዩኝ…