ክላክሱ ዝም ሲል፦ አዲስ ከመግዛታችሁ በፊት «ቀጭ»ን ስሙ

[አውራ ጣት የመሪውን መሃል ሲጫን ይታያል። ድምፅ የለም።]

ሰላም ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ! ዛሬ ክላክስ ነው። አልጮህ ያለ ክላክስ።

ርዕሱ ቀላል ሊመስላችሁ ይችላል። ለእኔ ግን ቀላል አይደለም። ፍሬን የሚያቆመው የእናንተን መኪና ነው። ክላክስ ሌላውን ያቆማል። ስልኩ ላይ አቀርቅሮ አስፋልት የገባውን፣ ሳያይ ወደ ኋላ እየመጣባችሁ ያለውን፣ ኳስ ተከትሎ የሮጠውን ልጅ። የ1968ቱ የቪየና የመንገድ ትራፊክ ስምምነትም ክላክስን በዋናነት የሚፈቅደው ለዚሁ ነው፤ አደጋ ለማስቀረት። ለሰላምታ አይደለም። ጓደኛን ከቤት ለመጥራትም አይደለም። ይህን ሁሌ እላለሁ፣ ወደፊትም እላለሁ።

እሺ፣ ወደ ጉዳያችን።

ክላክስ ዝም ሲል ብዙ ሰው ምን ያደርጋል? ሄዶ አዲስ ይገዛል። ያስገጥማል። ይጫናል። አሁንም ዝም! ለምን? ክላክሱ ድሮም ደህና ነበራ! ችግሩ ሌላ ቦታ ነበር። ስለዚህ አትግዙ። ገና ምንም አትግዙ። መጀመሪያ ስሙ። ምን እንስማ? «ቀጭ» የምትል ትንሽ ድምፅ።

«ቀጭ» ከየት እንደምትመጣ እንዲገባችሁ አንድ ግቢ ልሳልላችሁ። ይህን ምሳሌ በጣም ነው የምወደው፤ ታገሱኝ።

[ሥዕል፦ ፎቅ ቤት፣ የብረት በር፣ ዘበኛ፣ የጭነት መኪና]

ትልቅ ግቢ ነው። ከባድ የብረት በር አለው። ባለቤቱ ፎቅ ላይ ነው። በሩ ጋ ዘበኛ ተቀምጧል፤ ጉልበተኛ ነው። ከበሩ ውጭ እስከ አፉ የተጫነ የጭነት መኪና ቆሞ ይጠብቃል። ግቢው ውስጥ፣ መጨረሻው ላይ፣ መጋዘን አለ። ጭነቱ መድረስ ያለበት እዚያ ነው።

ባለቤቱ ከፎቅ ወርዶ ያንን በር ራሱ አይገፋም። ደወል ነው የሚጫነው። ከፎቁ እስከ ዘበኛው የምትሄድ ቀጭን የደወል ሽቦ አለች። ደወሉ ይጮኻል፣ ዘበኛው ይነሳል፣ መቀርቀሪያውን ይስባል። «ቀጭ!» በሩ ተከፈተ። መኪናው ገባ። ባለቤቱ ጣቱን ከደወሉ ላይ ሲያነሳ ዘበኛው በሩን መልሶ ይዘጋል።

አሁን ስም እንስጣቸው። ባለቤቱ የእናንተ አውራ ጣት ነው። ደወሉ መሪው ላይ ያለው የክላክስ መጫኛ ነው፤ የደወል ሽቦዋ ደግሞ ከመሪው እስከ ሪሌዩ የምትሄደው ቀጭን መስመር። ዘበኛው ሪሌይ ነው፤ በትንሽ ከረንት ተነስቶ ትልቁን ከረንት የሚያሳልፍ ማብሪያ ማጥፊያ። የጭነት መኪናው ወደ ክላክሱ የሚሄደው ከረንት ነው። መጋዘኑ ራሱ ክላክሱ። የመጠኑን ልዩነት እዩት። አንድ ክላክስ ሲጮህ በግምት 5 አምፔር ይስባል። ብዙ መኪና ላይ ሁለት ክላክስ ስላለ 10 አምፔር ገደማ ይሆናል። ሪሌዩን ለማስነሳት ግን 0.15 አምፔር አካባቢ ይበቃል። ያንን ሁሉ ከረንት መሪው ውስጥ ባለችው ቀጭን መስመር እናሳልፍ ብንል መስመሯ አትችለውም። ዘበኛ የተቀጠረው ለዚህ ነው።

የዚህ ዘበኛ ትልቁ ውለታ ምን መሰላችሁ? ሲሠራ ድምፅ ያሰማል። «ቀጭ» ከተሰማ ባለቤቱ ደህና ነው፣ ደወሉ ደህና ነው፣ ሽቦዋ ደህና ናት፣ ዘበኛውም ነቅቷል። በአንድ ድምፅ ግማሹን መስመር መረመራችሁ! የቀረው፣ ወይ መኪናው በሩ ድረስ አልመጣም፣ ወይ መቀርቀሪያው ተስቦ በሩ በደንብ አልተከፈተም፣ ወይ ከበሩ እስከ መጋዘኑ መንገድ ተበላሽቷል፣ ወይ መጋዘኑ ተዘግቷል። «ቀጭ» ካልተሰማ ደግሞ ወይ ደወሉ ዘበኛው ጋ አልደረሰም፣ ወይ ዘበኛው አልነሳም ብሏል። በቃ፣ ይኼ ነው። ግቢውን በጭንቅላታችሁ ያዙት።

[የሞተር ክፍል፣ የፊውዝ ሳጥን በቅርበት]

ወደ ተግባር። ሞተሩ ይጥፋ። አንድ ሰው መሪው ጋ ይቀመጥ። እናንተ ኮፈኑን ክፈቱና የፊውዝ ሳጥኑን ክዳን አንሱ። ክዳኑ ላይ ሥዕል አለ፤ የጥሩምባ ምልክት ያለበትን ፊውዝና ሪሌይ ፈልጉ። ጣታችሁን ሪሌዩ ላይ አሳርፉ። «ተጫን!» በሉት። ጆሮ ባይሰማ እንኳ ጣት ይሰማል፤ ሪሌዩ ሲነሳ ከሥር ትንሽ መታ ያደርጋችኋል። ብዙ መኪና ላይ ክላክስ ቁልፍ ሳይከፈትም ይሠራል። የእናንተ ካልሆነ ቁልፉን ክፈቱ።

ፊውዙን ንቀሉና ወደ ብርሃን ያዙት። መሃሉ ላይ ያለችው ክር ከተበጠሰች ተቃጥሏል። 10፣ 15 ወይም 20 ይል ይሆናል፤ የተጻፈበትን ቁጥር ራሱን መልሱ። ከፍ ያለ ቁጥር አታስገቡ፣ እባካችሁ። 15 የነበረበት ላይ 30 ስታደርጉ ፊውዙ መቃጠል ሲገባው ሽቦው ይቃጠላል። አዲሱም ወዲያው ከተቃጠለ አንድ ቦታ ሽቦ ተልጦ ቦዲ ነክቷል ማለት ነው፤ እሱን ፈልጉ።

ሪሌዩን ደግሞ አጠገቡ ካለ ተመሳሳይ ሪሌይ ጋር ቀያይሩት። ቁጥሩም እግሮቹም አንድ ዓይነት ይሁኑ። ከጮኸ ተገኘ። ካልጮኸ ሪሌዩን አውጡና ሶኬቱ ላይ 30 እና 87 የሚባሉትን እግሮች በአጭር ሽቦ ለአንድ አፍታ አገናኙ። ከጮኸ ከበሩ ወዲያ ያለው ሁሉ ደህና ነው፤ ወደ መሪው ተመለሱ። ካልጮኸ ወደ ክላክሱ ሂዱ። አዳዲስ መኪኖች ላይ መጫኛው ለኮምፒውተር ነው የሚናገረው፤ ሪሌዩም ሳጥኑ ውስጥ ተበይዶ ሊሆን ይችላል። እዚያ ላይ አትጎርጉሩ፣ በመመርመሪያ ማሽን ይታይ።

አንድ አቋራጭ መንገድ ልንገራችሁ። መኪናችሁ በሪሞት ስትቆልፉት ክላክስ የሚያሰማ ዓይነት ከሆነ ቆልፉት። ሲቆለፍ ጮኸ፣ በመሪው ግን ዝም? እንግዲያው ክላክሱም ከእሱ የሚገናኘው ሽቦም ጤነኛ ናቸው። ኮፈን ሳትከፍቱ አወቃችሁ ማለት ነው። ይቺን ከወደዳችኋት ሰብስክራይብ አድርጉ፣ ደወሏንም ተጫኗት፤ የእኛ ደወል ሁሌም ይሠራል!

[ቴስተር፣ ስክሪኑ ላይ 12.4]

እዚህ ጋ ትንሽ መቆም አለብኝ። ስለ ባትሪ ከሠራሁት ቪዲዮ በኋላ ደጋግማችሁ የጻፋችሁልኝ ነገር አለ። «የክላክሱን ሶኬት ነቅዬ በቴስተር ለካሁት፣ እያስጫንኩ 12 ቮልት አሳየኝ። ስለዚህ የሞተው ክላክሱ ነው» የሚል። አዲስ ክላክስ ገዝታችሁም ያልጮኸላችሁ አላችሁ። በዚህ ጉዳይ ብዙ ገንዘብ ስለሚባክን ላልፈው አልችልም።

ቴስተር ቮልት ሲለካ ከመስመሩ የሚወስደው ከረንት ከምንም አይቆጠርም። እግረኛ በሉት። ክላክሱ ግን የጭነት መኪና ነው የሚፈልገው፣ 5 አምፔር። መንገዱ ተንዶ ለአንድ ሰው ብቻ የምትበቃ ጠርዝ ቀርታለች እንበል። እግረኛው ያልፋል፤ «መንገዱ ሰላም ነው» ብሎ ይነግራችኋል። እውነቱን ነው፣ እሱ አልፏል። የጭነት መኪናው ግን አያልፍም።

በቁጥር እንየው። ሽቦው ዝጎ 10 ኦም የሚያህል እንቅፋት ሠርቷል እንበል። ክላክሱ ራሱ ሲጮህ 2.4 ኦም አካባቢ ነው፤ 12ን ለ5 ስታካፍሉ ታገኙታላችሁ። ሁለቱ ሲደመሩ 12.4 ኦም። ስለዚህ በመስመሩ የሚያልፈው 1 አምፔር እንኳ አይሞላም፤ ክላክሱ ላይ የሚደርሰው ከ2 ቮልት ትንሽ ቢበልጥ ነው። በዚህ አይጮኽም። ሶኬቱን ነቅላችሁ በቴስተር ስትለኩ ግን ያው 12 ቮልት ቁልጭ ብሎ ይታያል!

ታዲያ ምን እናድርግ? አሮጌ የፍሬቻ አምፖል ፈልጉ፣ 21 ዋት የሚለውን። ሁለት ሽቦ አብጁለት። የክላክሱን ሶኬት ንቀሉና አምፖሉን በክላክሱ ቦታ አገናኙት። አስጫኑ። አምፖሉ ወደ 1.75 አምፔር ስለሚጠይቅ መንገዱን በእውነት ይፈትነዋል። ቦግ ብሎ ከበራ መስመሩ ደህና ነው። ከደበዘዘ ወይም ጭራሽ ካልበራ እንቅፋቱ መንገዱ ላይ ነው። ቴስተርም ቢሆን ሶኬቱ ሳይነቀል፣ ክላክሱ እንደተገናኘ፣ መጫኛው ተጭኖ ከለካችሁበት ትክክለኛውን ይነግራችኋል። ነቅሎ መለካት ነው የሚያሳስተው።

[የዛገ ሶኬት በቅርበት]

ይህን እዩት። ክላክስ የሚቀመጠው ብዙ ጊዜ ከፊት ፓራውልት ጀርባ ወይም ራዲያተር ፊት ነው። ጎማ የረጨው ጭቃ፣ የዝናብ ውሃ፣ አቧራ፣ ሁሉም የሚያርፍበት እሱ ላይ ነው። ሶኬቱን ስትነቅሉት ውስጡ አረንጓዴ ዱቄት ታያላችሁ። መዳቡ ተበልቶ ነው። ይኼኛውን ፕላስቲኩን ገፋ ሳደርገው፣ እዩ፣ ከሽቦው ክሮች አንዷ ብቻ ናት የያዘችው። እግረኛዋን የምታሳልፈው ጠርዝ ይቺው ናት!

ሽቦውን ንጹሕ መዳብ እስክታዩ ወደ ኋላ ቁረጡ፣ አዲስ ተርሚናል ግጠሙ፣ ግራሶ ቀባ አድርጉበት። ማሳውን አትርሱ፤ ከረንቱ ወደ ባትሪ የሚመለስበት መንገድ ማለቴ ነው። አንድ ሽቦ ብቻ ያለው ክላክስ ማሳ የሚያገኘው በታሰረበት ብሎን በኩል ነው። ብሎኑ ሥር ዝገት ወይም ቀለም ካለ ክላክሱ ዲዳ ነው። ፍቱት፣ ብረቱን በብርጭቆ ወረቀት እስኪያበራ ፈትጉት፣ መልሳችሁ እሰሩት። በእኔ እምነት ከዚህ የሚበልጥ ጥገና የለም፤ ጥቂት ደቂቃ ነው፣ የሚገዛም ነገር የለውም።

የመሪውን ነገር ቶሎ ልበለው። «ቀጭ» የለም፣ ፊውዙ ደህና፣ ሪሌዩ ደህና ከሆነ ደወሏን ጠርጥሩ፤ መጫኛውንና የመሪውን መስመር ማለቴ ነው። ኤርባግ ያላቸው መኪኖች መሪ ውስጥ እንደ ጥቅልል የተጠመጠመ ሪባን አለ፤ ክሎክ ስፕሪንግ ይባላል። መሪው ሲዞር እሱም ይጠመጠማል፣ ይፈታል። ሲበጠስ ክላክሱ ይጠፋል፤ የኤርባግ መብራት ሊበራ ይችላል፤ መሪው ላይ ያሉት የሬዲዮ ቁልፎችም አብረው ሊሞቱ ይችላሉ። መሪው ወደ አንድ ወገን ሲዞር የሚጮህ፣ ሲመለስ ዝም የሚል ክላክስም ምልክቱ ይኸው ነው። እዚህ ጋ ግን በጣም እለምናችኋለሁ፦ ሪባኑ የኤርባጉንም መስመር ይዟል። ቢጫዎቹን ሶኬቶች በአምፖልም በቴስተርም አትንኩ። ፊታችሁ ላይ ሊፈነዳ ይችላል። የባትሪው ኔጋቲቭ ተነቅሎ፣ የመኪናው መመሪያ የሚያዘው ደቂቃ ተጠብቆ፣ ሥራውን የሚያውቅ ባለሙያ ይክፈተው።

[ክላክስ በእጅ ላይ]

አሁን መስመሩ ሁሉ ደህና ሆነ፣ ክላክሱ ብቻ ቀረ። ፊውዝ ባለው ሽቦ ቀጥታ ከባትሪ አገናኙት። ጭንቅላታችሁን አርቁ! የተባበሩት መንግሥታት 28ኛው የተሽከርካሪ ደንብ ለመኪና ክላክስ በ2 ሜትር ርቀት ላይ ቢያንስ 105 ዴሲቤል ይጠይቃል፤ ጆሮ ሥር ሲሆን ያማል።

ዝም ካለ ወይም «ቅርር» ብቻ ካለ በካቻቪቴ እጀታ ቀስ አድርጋችሁ መታ መታ አድርጉት። ውስጡ አንድ ማግኔትና ስስ ብረት አለ። ማግኔቱ ብረቱን ይስባል፣ ሲስበው ኮንታክቱ፣ ማለትም ከረንቱን የሚያገናኘው ነጥብ፣ ይለያያል፣ ብረቱ ይመለሳል፣ ኮንታክቱ ይገናኛል፤ እንዲህ እያለ በሰከንድ 400 ጊዜና ከዚያም በላይ። ኮንታክቱ ሲቆሽሽ ወይም ሲጣበቅ ያቆማል። መታ ሲደረግ ከነቃ ከጀርባው ያለችውን ማስተካከያ ብሎን ፈልጉ፤ ብዙ ጊዜ ቀለም ወይም ሰም ተንጠባጥቦባታል። የነበረችበትን በእስኪሪብቶ ምልክት አድርጉ። ሩብ ዙር እንኳ ሳትሞሉ ትንሽ አዙሩ፣ ሞክሩ፣ ደግሞ ትንሽ። ድምፁ ጠርቶ ሲወጣ አቁሙ። ብሎኗ ከሌለች ወይም ምንም ካልተለወጠ፣ አሁን አዲስ ግዙ። አሁን ይገባል።

ስትገጥሙት አፉን ወደ ታች አድርጉት፣ ውሃ እንዳይቋጥር። ሁለት ክላክስ ካለው ደግሞ አንዱን ነቅላችሁ ሌላውን ለብቻው ሞክሩ። አንዱ ወፍራም፣ አንዱ ቀጭን ድምፅ አለው፤ አንዱ ሲሞት ሌላው ስለሚጮህ ብዙ ሰው ሳያውቅ ይነዳል።

የሚቀጥለው ቪዲዮ ተቃራኒው ነው፦ እንቢ አላቆምም የሚል ክላክስ። እስከዚያው ሌሊት ላይ እንዲህ ከገጠማችሁ ሪሌዩን ወይም ፊውዙን ነቅላችሁ ሰፈሩን አስተኙት፤ ለምን እንደሆነ ሳምንት እንነጋገራለን።