ሸረሪቷ ጀልባ

ክቡራን የቀድሞ የባሕር ኃይል አባላት፣ እናቶችና አባቶች፣ ወንድሞችና እኅቶች፤ እንደምን አመሻችሁ።

ባሕር ላይ ባረጁ ሰዎች ፊት ቆሞ ስለ ባሕር መናገር ለቀባሪው ማርዳት ነው። አባቴ በሕይወት ቢኖር ኖሮ «አርፈሽ ቁጭ በይ» ይለኝ ነበር። እሱም እንደ እናንተው ምፅዋ ላይ በጥበቃ ጀልባ ያገለገለ ሰው ነው። ልጅ ሆኜ «ማታ ማታ ምን ታይ ነበር?» ስለው መልሱ ሁሌም አንድ ነበር፦ «ምንም።» ይህ «ምንም» ሲከነክነኝ ኖሯል። ዛሬ የአንዲት አሜሪካዊት ጀልባን ታሪክ ይዤላችሁ የመጣሁትም በእሱ ምክንያት ነው።

ስሟ ታራንቱላ ነው። ታራንቱላ ማለት ትልቅ፣ ጸጉራም ሸረሪት ነው። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት ጥቂት ቀደም ብሎ፣ ማሳቹሴትስ ውስጥ ኔፖንሴት በሚባል ቦታ የተሠራች የመዝናኛ የሞተር ጀልባ ነበረች። «ጀልባ» ስላልኩ አታሳንሷት፤ ርዝመቷ ወደ 40 ሜትር ይጠጋል። ባለቤቷ ዊልያም ቫንደርቢልት ዳግማዊ ይባላል። ቅድመ አያቱ በኒው ዮርክ ወደብ ሰው ከማሻገር ተነስቶ፣ በመርከብና በባቡር ያን ሁሉ ሀብት ያከማቸው ኮርኔሊየስ ቫንደርቢልት ነው። የልጅ ልጁ ልጅ ደግሞ ፍጥነት የሚባል ነገር ያሳብደው ነበር፤ በ1904 ሎንግ አይላንድ ላይ በስሙ የሚጠራ የመኪና ውድድር ያስጀመረውም እሱ ነው። (ዓመቶቹንም ቀኖቹንም የምጠራው በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው፤ ይቅርታ።)

ሰውየው ከዚህች በፊትም ሌላ ታራንቱላ ነበረችው። እሷ በ1902 እንግሊዝ አገር የተሠራች፣ በእንፋሎት ተርባይን የምትበር ነበረች። በ1914 ጦርነቱ ሲፈነዳ ካናዳ ለጠረፏ ጥበቃ ፈጣን ጀልባ ፈለገች። አሜሪካ ግን ገለልተኛ ነበረችና ለጦርነት የሚሆን ዕቃ ከዚያ ማውጣት ችግር ነበረው። ሮስ የሚባል የሞንትሪያል ባለጸጋ በግሉ ገዛትና ወደ ካናዳ ወሰዳት። እዚያም ቱና ተብላ ሁለት የቶርፔዶ ቱቦ ተገጠመላት፤ ሮስም ራሱ አዛዧ ሆነ። ሰውየው በኋላ በፈረስ ነው ስሙ የተጠራው። በ1919 ሦስቱን ታላላቅ የአሜሪካ ውድድሮች ጠቅልሎ የወሰደው የመጀመሪያው ፈረስ የእሱ ነበር። ወደ ጉዳያችን እንመለስ።

አሜሪካም እየተጠጋ ያለውን ጦርነት አይታ ነሐሴ 29 ቀን 1916 አንድ ሕግ አወጣች። ሕጉ ተጠባባቂ የባሕር ኃይል አቋቋመ። የባሕር ኃይሉም የግል ጀልባዎችን እየመዘገበ ቁጥር ይሰጣቸው ጀመር። ሕጉ ተጠባባቂ የሚሆነው «ወንድ ነው» ሳይል «ሰው» ብሎ ስለተጻፈ፣ በመጋቢት 1917 አንዲት ሴት ተመዝግባ ገባች፤ ጦርነቱ እስኪያልቅ ከ11 ሺህ በላይ ሴቶች ተከተሏት። እኅቶቼ፣ አንዲት ቃል ምን ያህል በር እንደምትከፍት አያችሁ?

አሜሪካ ጦርነቱን በሚያዝያ 1917 ስትቀላቀል ታራንቱላ 124 የሚል ቁጥር ተቀበለች። ቫንደርቢልትም ተጠባባቂ መኮንን ነበርና በገዛ ጀልባው ላይ አዛዥ ሆኖ ተመደበ። ጓደኞቹን ያዝናናበት በነበረው የመርከብ ወለል ላይ አሁን ወታደራዊ ሰላምታ ይቀበል ጀመር። እኔ በዚህ ልስቅበት አልደፍርም፤ ጀልባዋን ከእሱ የተሻለ የሚያውቃት ማን ነበር? እስከ ጥቅምት 1917 ድረስ በኒው ዮርክና በኒው ጀርሲ ጠረፍ ሲቃኝ ቆይቶ ተሰናበተ። ጀልባዋና ባሕረኞቿ ግን ቀሩ። የባለቤቷ ስም በየታሪኩ ሲጠራ የእነሱን የሚያነሳ ብዙም አላጋጠመኝም።

የጥበቃ ሥራ ምን እንደሆነ ለእናንተ አልነግርም። መውጣት፣ መመለስ፣ ነዳጅ መሙላት፣ እንደገና መውጣት ነው። ጉም ነው፣ ብርድ ነው። በመዝገቡ ላይ የሚጻፈውም ያው የአባቴ «ምንም» ነው።

ሆኖም ጠላት አልነበረም ማለት አይደለም። በ1918፣ በእነሱ በጋ፣ የጀርመን ሰርጓጅ መርከቦች አትላንቲክን አቋርጠው መጡ። ሐምሌ 19 ሳን ዲዬጎ የተባለችው የአሜሪካ የጦር መርከብ ከሎንግ አይላንድ በስተደቡብ፣ ከፋየር አይላንድ ብዙም ሳትርቅ በፈንጂ ተመታች፤ በግማሽ ሰዓት ገደማ ውስጥ ሰጠመች፤ ስድስት ሰዎችም ሞቱ። ፈንጂውን የቀበረው ዩ-156 የተባለው ሰርጓጅ እንደሆነ ይታመናል። ያው ሰርጓጅ ከሁለት ቀን በኋላ ማሳቹሴትስ ውስጥ ኦርሊንስ በሚባል ከተማ ፊት ለፊት፣ ሰው ከባሕር ዳር ቆሞ እያየ፣ አንዲት ጎታች መርከብና የምትጎትታቸውን ጀልባዎች በመድፍ ደበደበ። ባሕሩ ሰፊ ነው፤ ጠባቂው ደግሞ ያለው አንድ ቦታ ብቻ ነው።

ታራንቱላም የወደቀችው በጠላት እጅ አይደለም። ጥቅምት 28 ቀን 1918፣ ጦርነቱ ሊያበቃ ልክ 14 ቀን ሲቀረው፣ እዚያው ፋየር አይላንድ አካባቢ፣ ፍሪዝያ ከተባለች የሆላንድ የመንገደኞች መርከብ ጋር ተጋጭታ ሰጠመች። ሰርጓጅ የለ፣ ፈንጂ የለ። አንድ ዓመት ተኩል የጠበቀችው መንገድ ላይ፣ ከመንገደኛ ጋር ተላትማ ሄደች።

ይህን ሳነብ መጀመሪያ ተናደድኩ፤ ጉደኛ አሟሟት ነው አልኩ። ቆይቼ ግን አባቴ በሌሊት ሲመለስ እናቴ ለምን ተነስታ በሩ ላይ ትቆም እንደነበር ገባኝ። ለካ እሷ የፈራችው ጠላትን ብቻ አልነበረም።

እኔ የማውቀው እዚህ ድረስ ነው። ከመካከላችሁ በጨለማ መብራት አጥፍቶ የሄደ፣ የሌላ መርከብ ጥላ ድንገት ከፊቱ ተገትሮ ያየ ካለ፣ መድረኩን ለእሱ እለቃለሁ።