በሦስት እማኝ የተገዛ መሬት ፍርድ ቤት ሲደርስ

(ምስል፦ ጎንደር፣ ከአዘዞ ወደ ተዳ የሚወስደው መንገድ፤ ግራና ቀኝ ማሳ፣ መሀል መሀል ላይ ቆርቆሮ ቤት)

እዚህ መንገድ ላይ ደላላ ካገኛችሁ «ቦታ አለ» ይላችኋል። ቤት አይልም፣ ቦታ ነው የሚለው። ገበሬው ይጠራል፣ ሦስት እማኝ ይፈርማል፣ ብሩ ይቆጠራል፣ በቃ ገዛችሁ። ከዚያ ከተማው እየሰፋ ይመጣል፣ ዋጋው ይሰቀላል፣ አንድ ቀን ሻጩ ወይም ልጁ መጥቶ «መሬቴን ልቀቁ» ይላል። እናንተም ወረቀቷን ይዛችሁ ፍርድ ቤት።

ዳኛው ያቺን ወረቀት አይቶ መሬቱን ያስረክባችኋል? አያስረክባችሁም።

(ጽሑፍ በስክሪኑ ላይ፦ ሕገ መንግሥት፣ አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3)

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። ክልከላው እንኳ ከዚያ ይቀድማል፣ ከ1967ቱ የመሬት አዋጅ የመጣ ነው። ስለዚህ ሻጩ ወዶ ፈርሞ፣ ብሩን በእጁ ተቀብሎ፣ እማኞቹ ሁሉ ቀርበው «አዎ፣ ፊታችን ነው የሸጠው» ቢሉ ዳኛው «እንግዲያው አስረክብ» ማለት አይችልም። እንዲያውም እማኞቻችሁ ጥሩ አድርገው በመሰከሩ ቁጥር የሚያስረዱት ሕግ የከለከለውን ነገር ማድረጋችሁን ነው።

ውሉ ይፈርሳል። ከዚያ የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1815 ይመጣል፦ ሁለታችሁም ወደ ነበራችሁበት ትመለሳላችሁ። ሻጩ መሬቱን፣ እናንተ ብራችሁን። እዚህ ላይ ነው ሰው የሚቃጠለው። ከ10 ዓመት በፊት 80 ሺህ ከፍላችሁ ከነበረ የምታገኙት 80 ሺህ ነው እንጂ የዛሬውን የቦታ ዋጋ አይደለም። በ80 ሺህ ዛሬ ጎንደር ማራኪ ሰፈር ምን እንደሚገዛ እናንተው ታውቃላችሁ።

ጎንደር ለመሬት ሽያጭ እንግዳ አይደለችም። በነገሥታቱ ዘመን የመሬት ሽያጭ በአድባራቱ መጻሕፍት ኅዳግ ላይ ይጻፍ ነበር፤ ዋጋው በወቄት ወርቅ፣ ዋሱና እማኙ በየስማቸው። በእማኝ ፊት መሸጥ የቆየ ልማድ ነው። የተቀየረው ሕጉ ነው።

ቤት ግን ሌላ ነው። እዚያው አንቀጽ 40 ላይ፣ ንዑስ አንቀጽ 7፣ በጉልበታችሁ ወይም በገንዘባችሁ የሠራችሁት ቤት የግላችሁ ነው፣ ማስተላለፍም ትችላላችሁ ይላል። ካርታ ያለው ቤት ገዝታችሁ ሻጩ ቢያንገራግር «ውሉ ይፈጸምልኝ» ብላችሁ መክሰስ ትችላላችሁ።

ግን ውሉ የት ነው የተጻፈው? የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1723 የማይንቀሳቀስ ንብረት ውል በጽሑፍ ሆኖ ፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን ባለው አካል ፊት ይሁን ይላል፣ እኛ ውልና ማስረጃ የምንለው ማለት ነው። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 እንደዚያ ያልተደረገ የቤት ሽያጭ እንደማይጸና ወስኗል። ሻጩ ሽያጩን ራሱ ካመነ ችሎቱ በኋላ ላይ ለዘብ ብሏል፣ ግን ዋጋው እጥፍ ሆኖ እያየ የሚያምን ሻጭ ካገኛችሁ ዕድለኛ ናችሁ። ደግሞ ባለትዳር ከሆነ ሚስቱም ትፈርም። እሷ ሳትስማማ የጋራ ቤት ከተሸጠ ውሉን ልታስፈርስባችሁ ትችላለች።

ስትከሱ በዚያው ቀን እግድ ጠይቁ። ካልጠየቃችሁ እናንተ ቀጠሮ ስትቆጥሩ ቤቱ ለሌላ ሰው ይሸጣል። ብትረቱም ፍርዱ ብቻውን ስም አያዛውርም። የአፈጻጸም መዝገብ ታስከፍታላችሁ፣ ፍርድ ቤቱ ለከተማው የይዞታ ጽሕፈት ቤት ይጽፋል፣ ባለቤት የምትሆኑት እዚያ ስማችሁ ሲመዘገብ ነው።

«የመሬቱን ብር በብድር ስም ብንጻጻፍስ?» የሚል ሁሌም አይጠፋም። ደላላውም ይህን ነው የሚመክረው። እሺ፣ ተጻጻፋችሁ እንበል። ፍርድ ቤት ቀርባችሁ ብድር ነው ካላችሁ የምትጠይቁት ብር ነው፣ እሱም ብሩን ከፍሎ መሬቱን ይዞ ይሄዳል። የለም፣ የመሬት ዋጋ ነው ካላችሁ ደግሞ ተመልሰን አንቀጽ 40 ላይ ነን።