የመጀመሪያዋ ነጥብ እዚሁ አዲስ አበባ ላይ ትገኝ

በቴኒስ ማኅበራችን ዓመታዊ ጉባኤ የሊቀመንበሯ የመክፈቻ ንግግር

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ወላጆች፣ አሠልጣኞች፣ ከኋላ ወንበር የተደረደራችሁ ልጆቻችን፣ እንኳን ደህና መጣችሁ። በቅዳሜ ጠዋት መስቀል አደባባይን አቋርጦ እዚህ መድረስ ቀላል እንዳልሆነ አውቃለሁ። ሰዓት አክብራችሁ ስለመጣችሁ ከልብ አመሰግናለሁ።

የዓመቱን ሥራ ጸሐፊያችን በዝርዝር ያቀርባሉ። ሒሳቡን ገንዘብ ያዣችን ያሰማሉ። እኔ እነሱ የሚሉትን አልደግምም። የያዝኩት አንድ ጉዳይ ነው። ማኅበራችን በከተማችን መሀል፣ በሃርድ ኮርት ማለትም ወለሉ ጠንካራ በሆነ ሜዳ ላይ፣ የሴቶችን የመጀመሪያ፣ ማለትም ዝቅተኛውን እርከን ፕሮፌሽናል የቴኒስ ውድድር ለማስተናገድ መዘጋጀት አለበት። መዘጋጀት ነው ያልኩት። ነገ ተነስተን ጥያቄ እናስገባ አላልኩም።

ዊምብልደንን በቴሌቪዥን ሁላችንም እናያለን። እዚያ የምትጫወት ሴት ከየት ተነስታ እንደደረሰች ግን ብዙ ወላጅ አያውቅም። የዓለም አቀፉ ቴኒስ ፌዴሬሽን የሴቶች ውድድሮች አምስት እርከን አላቸው። ደብሊው 15፣ 35፣ 50፣ 75 እና 100 ይባላሉ። ቁጥሩ ሻምፒዮኗ የምታገኘው የደረጃ ነጥብ ነው። ዝቅተኛው ደብሊው 15 ሲሆን ጠቅላላ ሽልማቱ 15,000 ዶላር ነው። ይህ ገንዘብ ለነጠላም ለጥንድም ይከፋፈላል። በነጠላ ዋንጫ የወሰደችው 2,300 ዶላር ገደማ ይደርሳታል። በዋናው ውድድር የመጀመሪያ ዙር የተሸነፈችው 150 ዶላር እንኳን አትሞላም።

በዋናው ውድድር አንድ ጨዋታ ካሸነፈች አንድ ነጥብ አገኘች ማለት ነው። ስሟ በዓለም የሴቶች የደረጃ ሰንጠረዥ እንዲወጣ በሦስት ውድድሮች ነጥብ ማግኘት፣ ወይም በድምሩ 10 ነጥብ መሰብሰብ አለባት። ያገኘችው ነጥብ ደግሞ ከ52 ሳምንት በኋላ ይወርዳል። ስለዚህ አንዴ ሄዶ መመለስ አይበቃም። ደጋግሞ መሄድ ያስፈልጋል።

ወዴት? በአህጉራችን እንዲህ ዓይነት ውድድር በየሳምንቱ ሲደረግ የምናየው በቱኒዚያዋ ሞናስቲርና በግብፅ ሻርም ኤል ሼክ ነው። ሁለቱም ሃርድ ኮርት ናቸው። አንዲት የአዲስ አበባ ልጅ እዚያ ሦስት ሳምንት ለመቆየት የአውሮፕላን ትኬት፣ ሆቴል፣ ምግብና የራኬት ክር ትፈልጋለች። ዕድሜዋ ትንሽ ከሆነ አብሯት የሚሄድ ሰውም ያስፈልጋታል። ከሐምሌ 2016 ወዲህ ብር ከዶላር ጋር ያለው ምንዛሪ ምን እንደሆነ ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም። እዚህ ከተቀመጡት ወላጆች መሀል ይህን ሒሳብ በወረቀት ላይ ሠርተው፣ ወረቀቱን አጥፈው ኪሳቸው የከተቱ አሉ። ልጅቷ ችሎታ አላጣችም። የቸገራት የመነሻው ቦታ መራቁ ነው።

ሯጮቻችንን ተመልከቱ። ደራርቱ ቱሉ እ.ኤ.አ. በ1992 በባርሴሎና የ10,000 ሜትር ወርቅ ስትወስድ ከመላው አፍሪካ የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት የኦሎምፒክ ሻምፒዮን ሆነች። ያን ሁሉ ጀግና ያፈራልን ወኔ ብቻ አይደለም። ለሯጭ ጃንሜዳ አለላት። ከአርሲም ትምጣ ከሰሜን ሸዋ፣ አገሯ ላይ ከጠንካሮቹ ጋር ትሮጣለች። አሠልጣኝ ያያታል። ክለብ ይወስዳታል። ፓስፖርት ሳታወጣ በፊት አቅሟን ታውቃለች። የቴኒስ ልጆቻችን ግን ጃንሜዳ የላቸውም። እኔ የምጠይቀው እሱን ነው።

አስተናጋጅ መሆን ምን ያስገኛል? ትልቁ ነገር ዋይልድ ካርድ ነው። ዋናው የነጠላ ውድድር 32 ተጫዋቾች አሉት። ከእነዚህ አራቱን ቦታ አስተናጋጁ አገር ለራሱ ተጫዋቾች መስጠት ይችላል። ደረጃ የሌላት ልጅ፣ ትኬት ያልቆረጠች ልጅ፣ ከቤቷ በታክሲ መጥታ ፕሮፌሽናል ጨዋታ ትጫወታለች ማለት ነው። አንድ ጨዋታ ብታሸንፍ የመጀመሪያዋ ነጥብ ተገኘች።

ላታሸንፍም ትችላለች። 6ለ0፣ 6ለ1 ልትሸነፍ ትችላለች። ወላጆች ሆይ፣ ያን ቀን እንዳትደነግጡ። በዓለም 600ኛ የሆነች ተጫዋች ሁለተኛ ሰርቭ ላይ፣ ማለትም የመጀመሪያው የመክፈቻ ምት ተስቶ ሲደገም፣ እንዴት እንደምትገባ ልጃችሁ በዓይኗ ታያለች። ከጨዋታ በኋላ ተጫዋቿ ሻወር ከመግባቷ በፊት ሰውነቷን ስታፍታታ፣ ሙዟን ስትበላ፣ የነገውን ራኬት ክር ስታስወጥር ታያለች። ይህን አሠልጣኝ መቶ ጊዜ ቢናገረው በአንድ ሳምንት እንደማየት አይሆንም። ኳስ የሚያቀብሉት ታናናሾቿም አብረው ያያሉ። በዚህ ከተማ ስንቱ ጥሩ ተጫዋችና አሠልጣኝ ከኳስ አቀባይነት እንደተነሳ ጋሼዎቻችን ይመሰክራሉ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር አጥብቄ ልናገር። እነዚያ አራት ቦታዎች በትውውቅ አይሰጡም። የማን ልጅ ናት፣ ስፖንሰሩ ማንን ያውቃል የሚባል ነገር አይኖርም። ልጆቹ እርስ በርስ ተጋጥመው፣ በተመልካች ፊት፣ ውጤቱ ግድግዳ ላይ እየተለጠፈ ነው የሚለዩት። እኔ በዚህ ወንበር ላይ እስካለሁ ይህ አይቀየርም።

አሁን ወደ ሜዳው። ባለፈው ነሐሴ ዝናቡ ካባራ በኋላ ልጆቹ ሁለተኛው ሜዳ ላይ ምን ሲያደርጉ እንደነበር ያየ ሰው አለ? በጎማ መጥረጊያ ውሃ ይገፋሉ። የቀረውን በስፖንጅ ይመጥጣሉ። ከኋላው መስመር በስተግራ ጥግ ላይ አንድ ጎድጓዳ ቦታ አለ። የቀረው ሜዳ ደርቆ እሱ ብቻ ረጥቦ ይቆያል። ኳስ እዚያ ካረፈች አትነጥርም። ልጆቹ ስለለመዱት ወደዚያ ጥግ የመጣችውን ኳስ ገና በአየር ላይ ሳለች ይመቷታል። ጥሩ ብልሃት ነው፤ ግን ማንም ልጅ የሜዳ ጉድለትን ለማምለጥ ብላ ቴኒስ መማር የለባትም።

ጥሩ ሃርድ ኮርት ጠፍጣፋ ይመስላል እንጂ አይደለም። ውሃው እንዲወርድ በጣም በትንሹ ወደ አንድ ወገን ያዘነብላል። ከታች የተደለደለ ጠጠር፣ ከላዩ አስፋልት ወይም ኮንክሪት፣ ከዚያ በኋላ ነው በንብርብር የሚቀባው አክሪሊክ። እኛ ስንጥቅ ባየን ቁጥር ቀለም እንደርብበታለን። በሚቀጥለው ክረምት ስንጥቁ ቀለሙን ሰንጥቆ ይወጣል። በሽታው ከታች ነው። ገንዘቡ ወደ ታች መሄድ አለበት።

ስፋቱም ሌላ ጉዳይ ነው። መስመሩ የሚያርፍበት ሜዳ ርዝመቱ 23.77 ሜትር፣ የጥንዱ ወርድ 10.97 ሜትር ነው። ለዓለም አቀፍ ውድድር የሚመከረው ግን ከኋላ መስመር ጀርባ 6.40 ሜትር፣ ከጎን 3.66 ሜትር ክፍት ቦታ ነው። ከሜዳዎቻችን አንዱ ጀርባው ላይ ያለው አጥር ይህን አያሟላም። ረጅም ኳስ ልትመልስ ወደ ኋላ የሮጠች ልጅ ትከሻዋን ሽቦው ላይ ታሳርፋለች። አጥሩን ማንሳት ይቻላል፤ ቦታው የኛው ነው።

ለምን ሃርድ ኮርት ብላችሁ የጠየቃችሁኝ አላችሁ። ቀይ አፈር ሜዳ ውብ ነው፤ ትዕግሥትም ያስተምራል። በየቀኑ ውሃ፣ መጥረግና ማደላደል ይፈልጋል፤ በኛ ክረምት ደግሞ ቀናት ይበላል። ሃርድ ኮርት በደንብ ከተሠራ ዝናቡ ባባራ ሰዓት ውስጥ ለጨዋታ ይደርሳል። የአውስትራሊያ ኦፕንና የዩኤስ ኦፕን ሜዳም ሃርድ ኮርት ነው። ልጆቻችን ወደፊት ሞናስቲር ቢሄዱ የሚጠብቃቸውም እሱ ነው።

ከተማችን ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ መሆኗ ደግሞ የራሱ ጣጣ አለው። የአየር ግፊቱ ከባሕር ዳርቻ ሩብ ያህል ያንሳል። አየሩ ስስ ስለሆነ ኳስ ቶሎ አትቀንስም። ሌላ ቦታ መስመር ላይ የምታርፍ ኳስ እዚህ ትወጣለች። የቴኒስ ሕግ ከ1,219 ሜትር በላይ ለሚደረግ ጨዋታ የተለየ ኳስ ይፈቅዳል። አንዱ ዓይነት ከተለመደው ዝቅ ብሎ የሚነጥር ነው። ሌላው ውስጡና ውጪው እኩል ግፊት ያለው ሲሆን፣ ውድድሩ በሚደረግበት ከፍታ ላይ 60 ቀን ወይም ከዚያ በላይ ቆይቶ የለመደ መሆን አለበት። ይህን ኳስ ብንመርጥ ከጉምሩክ አውጥተን ከሁለት ወር በፊት መጋዘን ውስጥ ማስገባት አለብን ማለት ነው። ውድድር የሚበላሸው እንዲህ ባለ ነገር ነው። ሰው ስለ መክፈቻው ድንኳን ሲጨነቅ ኳሱ ቦሌ ላይ ተይዞ ይቀራል።

ዳኞችም ያስፈልጉናል። ዓለም አቀፉ የዳኝነት ደረጃ ከዋይት ባጅ ይጀምርና ብሮንዝ፣ ሲልቨር፣ ጎልድ እያለ ይወጣል። በዚህ ማኅበር ያደጉ፣ ጨዋታ አቁመው ዩኒቨርሲቲ የገቡ ሴት ልጆች አሉን። ሕጉን ያውቁታል፤ ዓይናቸው መስመሩን ለምዷል። ቴኒስ ውስጥ መቆየት ማለት መጫወት ብቻ አይደለም። በዳኝነት፣ በፊዚዮቴራፒ፣ በክር ወጠራ ሥራ የሚቀጥሉበትን መንገድ ልናበጅላቸው ይገባል።

ወላጆች ፊት ለመናገር የማይመች የሚመስል፣ ግን መነገር ያለበት ነገር አለ። ቤቲንግ። በከተማችን በየሠፈሩ የቤቲንግ ቤት አለ። በእነዚህ ትናንሽ ውድድሮች ላይም በዓለም ዙሪያ ቁማር ይደረጋል። ሽልማቱ ትንሽ ስለሆነ ተጫዋቿን በገንዘብ የሚያባብል ሰው አይጠፋም። የተሸነፈች ልጅ ስልኳን ስትከፍት ገንዘብ የተበላ የማታውቀው ሰው ሲሰድባት ታገኛለች። ተጫዋች፣ አሠልጣኝና ኦፊሻል በማንኛውም የቴኒስ ጨዋታ ላይ መወራረድ በሙያው ሕግ ክልክል ነው። ስለ ጉዳት፣ ስለ ሕመም መረጃ አሳልፎ መሸጥም ክልክል ነው። ጥፋተኛ ሆኖ የተገኘ ዕድሜ ልኩን እስከመታገድ ይደርሳል። ልጆቻችን ይህን ከመጀመሪያው ጨዋታቸው በፊት ከኛ ይስሙ።

የመልበሻ ክፍሉንም አልረሳሁትም። በሩ ከውስጥ አይቆለፍም። ሴት ልጆቻችን ተራ በተራ በሩን ደግፈው ይለብሳሉ። ስለ ዓለም አቀፍ እንግዳ ከማውራታችን በፊት ይህ መስተካከል አለበት። ቁልፍ ነው፤ በዚህ ሳምንት ይገጠማል።

አፍሪካዊት ልጅ ሩቅ አትደርስም የሚል ካለ ኦንስ ጃቡር መልስ ናት። ቱኒዚያዊቷ እ.ኤ.አ. በ2011 የፈረንሳይ ኦፕን የታዳጊዎች ሻምፒዮን ነበረች። በ2022 በዓለም ሁለተኛ ሆነች፤ በዚያው ዓመት ዊምብልደንና ዩኤስ ኦፕን ፍጻሜ ደረሰች። ከጎረቤታችን ኬንያ ደግሞ አንጄላ ኦኩቶዪ በ2022 በዊምብልደን የታዳጊዎች ጥንድ ዋንጫ አንስታለች። ናይሮቢ በቀይ አፈር ሜዳዎቿ ይህንኑ የሴቶች ፕሮፌሽናል ውድድር አስተናግዳለች። ናይሮቢ ከቻለች አዲስ አበባ የማትችልበት ምክንያት የለም። በረራው ከብዙ አህጉር ቦሌ ይገባል። ሆቴሉ ከሜዳው በእግር ይደረስበታል። አየሩ በኅዳርና በታኅሣሥ ለቴኒስ የተሠራ ነው።

ስለ ስፖንሰር ጥቂት ልበል። ፈቃደኛ የሆኑ ድርጅቶች አነጋግረውናል፤ እናመሰግናለን። ሁሉም መጀመሪያ የሚጠይቁት ባነራቸው የት እንደሚሰቀል ነው። የኔ ሐሳብ ግልጽ ነው። የመጀመሪያው ብር ወደ ሜዳው ወለል ይግባ፣ ሁለተኛው ለዳኞች ሥልጠና፣ ሦስተኛው ለኳስ። ቲሸርትና ባነር ከዚያ በኋላ። ወለሉ ካልተሠራ ሽልማቱን ከየትም ብናመጣ ውድድሩ አይፈቀድልንም።

ስለዚህ ጉባኤው ዛሬ እንዲወስን የምጠይቀው ይህን ነው። የሁለተኛው ሜዳ መሠረት ከመጪው ክረምት በፊት ተቆፍሮ ይሠራ። አጥሩ ይነሳ። ከአገራችን የቴኒስ ፌዴሬሽን ጋር ሆነን ለሴት ልጆቻችን የዳኝነት ሥልጠና እንጠይቅ። የልጆቹ የእርስ በርስ ውድድር ከመስከረም ጀምሮ በየወሩ ይደረግ፤ ውጤቱም ይመዝገብ። ማምሻውን ከልምምድ የሚወጡ ልጆችን ቤታቸው የሚያደርስ መኪና በፈረቃ እናዘጋጅ፤ ከዘጠነኛ ክፍል በኋላ የሚቀሩብን ልጆች ብዙዎቹ የሚቀሩት መንገዱ ስለሚመሽባቸው ነው። እነዚህ ተሟልተው ስናይ ያኔ ጥያቄውን ለማስገባት እንደገና ድምፅ እንሰጣለን።

በሩ አጠገብ ባለው ጠረጴዛ ላይ ሁለት መዝገብ አለ። አንዱ ለመኪና ፈረቃ ነው፤ ሌላው በሲቪል ምሕንድስና፣ በሕክምናና በጉምሩክ ሥራ ልምድ ላላችሁ አባላት ነው። ለሻይ ስትወጡ ስማችሁንና የሚመቻችሁን ቀን ጻፉልን። አሁን ሒሳቡን እንዲያሰሙን ገንዘብ ያዣችንን ወደ መድረክ እጋብዛለሁ። አመሰግናለሁ።